ሶስና፦ አበባው የተሰወረበት ስም

(ለተማሪዎችና ለመምህራን የተሰጠ የሕዝብ ንግግር፣ ለንባብ እንዲመች ተስተካክሎ የቀረበ)



የዛሬው ርእሴ የተወለደው በአንድ የክፍል ውስጥ ጥያቄ ነው። ስለ ሰው ስሞች አወጣጥ በማስተምርበት ሰዓት ሶስና የምትባል የአንደኛ ዓመት ተማሪ እጇን አነሣችና «መምህርት፣ የስሜን ትርጉም ፈልጌ ሊሊ ማለት ነው የሚል አገኘሁ። ሊሊ በአማርኛ ምንድን ነው?» አለችኝ። ከ20 ዓመት በላይ ያስተማርሁ ሰው ነኝ፤ ሆኖም ለዚች ጥያቄ የሚሆን አንድ ቃል ወዲያው ከአፌ ሊወጣ አልቻለም። «አበባ ነው» ብዬ አለፍሁ። መልሴ ስሕተት አልነበረም፤ በቂ ግን አልነበረም። የዚህ ስም ነገር ከዚያ በፊትም በገዛ ቤቴ ያስቸገረኝ ጉዳይ ስለሆነ ሳብሰለስለው ቆየሁ። ዛሬ ያንን መልስ በሙሉ ልከፍል መጥቻለሁ።

ግልጽ ስምና ዝግ ስም

ከአበባ የወጡ የሴት ስሞች በአገራችን ብዙ ናቸው። አበባ፣ አበበች፣ አደይ፣ ጽጌ፣ ጽጌረዳ እንላለን። በአፋን ኦሮሞ ደራርቱ የሚለው ስም ማበብን የሚያመለክት ነው፤ በ1992 እ.ኤ.አ. በባርሴሎና በ10,000 ሜትር ወርቅ ያጠለቀችው ደራርቱ ቱሉ ይህንን ስም ለዓለም አስተዋውቃዋለች። እነዚህን ስሞች «ግልጽ ስሞች» እላቸዋለሁ። አበበች የሚለውን የሚሰማ አማርኛ ተናጋሪ መዝገበ ቃላት አይሻም፤ ግሡ በስሙ ውስጥ ቁጭ ብሎ ይታየዋል። ጽጌ የሚለውም «ጸገየ» ከሚለው የግእዝ ግሥ መውጣቱን የቆሎ ተማሪ ሁሉ ያውቀዋል።

ሶስና ግን «ዝግ ስም» ነው። ከአማርኛም ሆነ ከግእዝ ግሥ አይወጣም፤ ቢያገላብጡት ቢተነትኑት ፍቺ አይሰጥም። እንዲያም ሆኖ ሕዝባችን ለዘመናት ሲያወጣው የኖረ፣ እንደ ባዕድ የማይቆጥረው ስም ነው። እንግዲህ ጥያቄያችን ሁለት ነው። አንደኛ፣ አበባው ከየት መጣ? ሁለተኛ፣ እንዴት ተሰወረ? ከእነዚህም ሦስተኛ ይወለዳል፦ የስም ትርጉም ማለት በመጀመሪያ የነበረው ፍቺ ነው ወይስ ሰያሚው ያሰበው?

ከዓባይ ዳር የተነሣ ቃል

የቃሉን ዱካ ወደ ኋላ ስንከተል የምንደርሰው ወደ ጥንታዊት ግብጽ ነው። ግብጻውያን በውሃ ላይ የምትንሳፈፈውን አበባ «ሰሸን» የሚል ንባብ በሚሰጠው ቃል ይጠሯት ነበር። ይህች አበባ ሥሯን በጭቃ፣ ቅጠሏን በውሃው ገጽ ላይ አድርጋ የምትኖር ናት። ሰማያዊዋ ዝርያ ጠዋት ትከፈታለች፣ ቀኑ ሲገፋ ትዘጋለች፣ በማግስቱ ደግሞ ትከፈታለች። ግብጻውያን በዚህ ጠባይዋ የፀሐይን መውጣትና የሕይወትን መታደስ አዩባት። በመቃብር ሥዕሎቻቸው ላይ በሰዎች እጅ ተይዛ፣ በቤተ መቅደስ አዕማድ ጫፍ ላይ ተቀርጻ የምናያት ለዚህ ነው። ቃሉም ከእነርሱ ጋር አልሞተም፤ በቅብጥ ቋንቋ «ሾሸን» ተብሎ ዘልቋል።

ከግብጽ ቃሉ ወደ ዕብራይስጥ ተሻገረ፤ «ሹሻን»፣ «ሾሻን»፣ በአንስታይ ጾታ «ሾሻና» ሆነ። በመጽሐፈ ነገሥት ቀዳማዊ ምዕራፍ 7 የሰሎሞን ቤተ መቅደስ አዕማድ ጉልላት በዚህ አበባ አምሳል እንደ ተሠራ ይነገራል፤ የግብጽ አዕማድ ጥበብ እዚያም የደረሰ ይመስላል። በመኃልየ መኃልይም አበባዋ ደጋግማ ትነሣለች። ይሁን እንጂ ቃሉ አገር ሲለውጥ የሚያመለክተው ተክል አብሮ ተለወጠ። የይሁዳ ተራሮች የረግረግ አገር አይደሉም፤ በቆላና በእሾህ መካከል የሚበቅል አበባ የውሃ አበባ ሊሆን አይችልም። ስለዚህ አንዳንድ ሊቃውንት ቃሉ እዚያ ነጩን የገሊላና የቀርሜሎስ ሊሊ ያመለክታል ይላሉ፤ ሌሎች ደግሞ በጸደይ ሜዳውን ለሚሸፍኑ ልዩ ልዩ አበቦች የሚሆን የወል ስም አድርገው ይወስዱታል። በዛሬው ዕብራይስጥ ደግሞ በተራው ሰው አነጋገር «ሾሻና» ሲባል ብዙ ጊዜ የሚታሰበው ጽጌረዳ ነው። አንድ ቃል፣ ሦስት አበቦች።

እዚህ ላይ ለተማሪዎቼ አንድ ማስጠንቀቂያ ልስጥ። የፋርስ ነገሥታት መቀመጫ የነበረችው ሱሳ በዕብራይስጥ «ሹሻን» ስለምትባል ከተማዋ በአበባ ስም ተሰየመች የሚል ትንታኔ በየቦታው ታገኛላችሁ። የከተማዋ ስም ግን ከኤላማውያን ዘመን የመጣ ነው። የድምፅ መመሳሰል ዝምድና አይደለም። የስም ጥናት ትልቁ ወጥመድ ይኸው ነው።

ቃሉ ከዕብራይስጥና ከአራማይክ በየአቅጣጫው ተሰራጨ። ዐረቦች «ሰውሰን» አሉት፤ እስፓኞች የዐረቡን ቃል ወስደው ሊሊን «አሱሴና» ብለው ሰየሙ። በ5ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የተጻፈው፣ እጅግ ጥንታዊ ከሆኑት የጆርጂያ ድርሳናት አንዱ የሰማዕቷን የሹሻኒክን ገድል የሚተርክ ነው። ሱዛን፣ ሱዛና፣ ሱዛን ማለት የምንሰማቸው የአውሮፓ ስሞች ሁሉ የአንድ ግንድ ቅርንጫፎች ናቸው። የእኛዋ ሶስናም እኅታቸው ናት።

በሁለት በር የገባ አንድ ቃል

አሁን ወደ ጉዳዩ ልብ ደርሰናል። ስሙ ወደ ግእዝ የገባው በቀጥታ ከዕብራይስጥ አይደለም። የግእዝ ብሉይ ኪዳን በአክሱም ዘመን የተተረጎመው ከግሪኩ ከሰብዓ ሊቃናት ትርጉም ነው። ግሪክኛ የ«ሸ» ድምፅ ስለሌለው «ሾሻና»ን «ሱሳና» አድርጎ ጻፈ። ግእዝም የ«ሸ» ፊደል አልነበረውም፤ ሸ በ«ሰ» ላይ ምልክት ተጨምሮበት በኋላ ለአማርኛ የተበጀ ፊደል ነው። እንግዲህ ስሙ ሁለት በሮችን አልፎ «ሶስና» ሆኖ ደረሰን። የድምፁ ለውጥ የመንገዱን ታሪክ ይናገራል።

ነገር ግን ያው የዕብራይስጥ ቃል በመጽሐፍ ቅዱስ ውስጥ የሰው ስም ብቻ አይደለም፤ የአበባም ስም ነው። የግሪክ ተርጓሚዎች እንደ አበባ ሲያገኙት ድምፁን ትተው ፍቺውን ወሰዱ፤ «ክሪኖን» አሉት፤ ይህም ሊሊ ማለት ነው። የግእዝ ተርጓሚዎችም ግሪኩን ተከትለው በመኃልየ መኃልይ «ጽጌ ደንጎላት» ብለው አስቀመጡት። በዜማ ውስጥ ለእመቤታችን ምሳሌ ሆኖ የምንሰማው ጽጌ ደንጎላት ይኸው ነው። የአማርኛው ትርጉም ደግሞ ይበልጥ አጠቃልሎ በዚያ ስፍራ «አበባ» ይለዋል።

ነገሩን ልብ በሉልኝ። አንድ ቃል ወደ ግእዝ በሁለት በር ገባ። የሰው ስም ሆኖ ሲገባ ድምፁን ይዞ ፍቺውን ከደጅ ተወ፤ ሶስና ሆነ። የአበባ ስም ሆኖ ሲገባ ፍቺውን ይዞ ድምፁን ተወ፤ ጽጌ ደንጎላት ሆነ። ሁለቱ በአንድ መጽሐፍ ውስጥ፣ በአንድ ጥራዝ፣ ጎን ለጎን ሲኖሩ መንትዮች መሆናቸውን የሚያውቅ አልነበረም። ዕብራይስጡን የሚያነብ ሰው ሶስና የሚለውን ስም ሲሰማ አበባዋን ያያል፤ ግእዙን የሚያነብ ሰው ግን ሴቲቱን ብቻ ያያል። አበባው የተሰወረው በዚህ ቦታ ነው። ማንም ሆን ብሎ አልሸሸገውም፤ የትርጉም ሥራ በባሕርዩ አንዱን ለማዳን ሌላውን ይከፍላልና።

ለተማሪዬ ጥያቄ አንዱ መልስ እንግዲህ ይህ ነው፦ ሊሊ በግእዝ ጽጌ ደንጎላት ይባላል። በአማርኛ የራሱ የታወቀ ስም ለምን አጣ ብትሉኝ፣ እውነተኛው ሊሊ ከሰሐራ በታች ባለው አፍሪካ በተፈጥሮው አይበቅልም። ሰው ላላየው አበባ ስም አያወጣም። ነገር ግን የስሙ የመጀመሪያዋ ባለቤት፣ ያች የውሃ አበባ፣ ዛሬም በጣና ሐይቅ ዳርቻዎች ላይ ትንሳፈፋለች። ቃሉ ከዓባይ ታችኛው ዳር ተነሥቶ፣ ፍልስጥኤምንና የግሪክን ዓለም ዞሮ፣ ወደ ዓባይ መነሻ ሲመለስ አበባዋ እዚህ ነበረች። የሚያስተዋውቃቸው ግን አልተገኘም።

የሶስና ነገር

ስሙን ኢትዮጵያዊ ያደረገው አበባው ካልሆነ ምንድን ነው? ታሪኩ ነው። መጽሐፈ ሶስና በኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን ቀኖና ውስጥ የሚገኝ፣ ከትንቢተ ዳንኤል ጋር የተያያዘ አጭር መጽሐፍ ነው። በባቢሎን ምርኮ ዘመን የኢዮአቄም ሚስት ሶስና በአትክልት ስፍራዋ ሳለች ሁለት ሽማግሌዎች፣ እነርሱም ፈራጆች፣ በክፉ ይፈልጓታል። እንቢ ብትላቸው ከወጣት ጋር አገኘናት ብለው መሰከሩባት። ምስክሮቹ ሁለት፣ የተከበሩ፣ ዳኞች ናቸው፤ ሞት ተፈረደባት። በዚያን ጊዜ ወጣቱ ዳንኤል ተነሥቶ ምስክሮቹን ለየብቻ አቆማቸውና ከየትኛው ዛፍ በታች አየኻቸው ብሎ ጠየቀ። አንዱ አንድ ዛፍ ጠራ፤ ሌላው ሌላ። ሐሰታቸው ተገለጠ፤ ሶስናም ዳነች።

ይህ ታሪክ በጥንታውያን ሊቃውንት ዘንድም የቋንቋ ክርክር አስነሥቷል። በ3ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ዩልዮስ አፍሪቃኖስ የተባለ ሊቅ ለአርጌንስ ደብዳቤ ጽፎ ነበር። ሁለቱ ዛፎች በግሪክኛ «ስኪኖስ» እና «ፕሪኖስ» ይባላሉ፤ ዳንኤልም ፍርዱን ሲናገር «መሰንጠቅ» እና «በመጋዝ መቁረጥ» ከሚሉ፣ ከዛፎቹ ስም ጋር ከሚገጥሙ የግሪክኛ ግሦች ጋር ያጫውታቸዋል። አፍሪቃኖስ፣ ይህ የቃላት ጨዋታ የሚሠራው በግሪክኛ ብቻ ከሆነ ታሪኩ ከዕብራይስጥ የተተረጎመ ሊሆን አይችልም አለ። አርጌንስም የዕብራይስጡ የራሱ ጨዋታ ሊኖረው ይችላል ብሎ መለሰ። ክርክሩ ዛሬም አልተዘጋም። የእኔን ትኩረት የሚስበው ግን ሌላ ነው፦ አፍሪቃኖስ ስለ ዛፎቹ ስም ተጨንቆ ሲጽፍ፣ የባለታሪኳ ስም ራሱ ዕብራይስጥ፣ ራሱም የአበባ ስም ነው።

በሐዲስ ኪዳንም ሶስና አለች። በሉቃስ ወንጌል 8፥3 ከመግደላዊት ማርያምና ከዮሐና ጋር ጌታን በገንዘባቸው ካገለገሉት ሴቶች አንዷ ናት። መጽሐፈ ሶስናን በቀኖናቸው የማይቆጥሩ ክርስቲያኖች ዘንድም ስሙ እንዲዘወተር ይህች አጭር መጠሪያ በቂ ሆናለች።

በእኛ ቤት

ሦስተኛውን ጥያቄ በንድፈ ሐሳብ ብቻ ልመልሰው አልችልም፤ በቤተሰቤ ያለፈ ነገር ነውና። ታላቅ እኅቴ ስሟ ሶስና ነው። እናታችን እርሷን ነፍሰ ጡር በነበረችበት ወራት የአንድ ማኅበር ገንዘብ ያዥ ነበረች። ገንዘብ ጎደለ ተባለ። ሁለት የተከበሩ ሰዎች ስታወጣ አይተናታል ብለው ቃል ሰጡ። ከሳጥኗ ጋር ማኅበሩን ተነጠቀች፤ ጎረቤት ቡና መጥራት ተወ። ሁለት ወር ያህል እንዲሁ ከኖረች በኋላ ገንዘቡ ለሌላ ሰው ተከፍሎ ሳይመዘገብ የቀረ መሆኑ ተረጋገጠ። ይቅርታ የጠየቃት ከሁለቱ አንዱ ብቻ ነበር።

በእነዚያ ሁለት ወራት የንስሐ አባቷ እየመጡ የሶስናን ታሪክ ያነቡላት ነበር። ልጅቱ ስትወለድ ጎረቤት ሁሉ በተሰበሰበበት ሶስና ብላ ሰየመቻት። በ80 ቀኗ ክርስትና ስትነሣ ሌላ የክርስትና ስም አገኘች፤ የዓለም ስሟ ግን ይኸው ሆነ። እናቴ ያንን ስም በየቀኑ በደጃፏ ቆማ ጮክ ብላ ትጠራ ነበር። «ሶስና! ሶስናዬ!» ሁለቱም ምስክሮች በዚያው ሰፈር ይኖሩ ነበር፤ ይሰሙ ነበር።

እኔ ለዶክትሬት ትምህርቴ ውጭ አገር ሳለሁ የስሙን ሥር አገኘሁና ደስታዬን ልነግራት ስልክ ደወልሁ። «እማዬ፣ ሶስና ማለት እኮ አበባ ማለት ነው!» አልኋት። ጥቂት ዝም አለችና «ልጄ፣ አበባ አበባ አትበዪኝ። አበባ ሲጠወልግ አይቻለሁ። እኔ ልጄን የሰየምኋት በፍርድ ነው» አለችኝ። ክርክሩን ያን ዕለት ተሸንፌ ስልኩን ዘጋሁ።

ዛሬ እንደ ሥርወ ቃል ተመራማሪ ሳስበው ሁለታችንም ልክ ነበርን፤ የተናገርነው ግን ስለ ተለያየ ነገር ነው። እኔ ስለ ቃሉ ልደት ተናገርሁ፤ እርሷ ስለ ስሙ ሥራ ተናገረች። በአገራችን የስም አወጣጥ ባህል ስም ብዙ ጊዜ የተጨመቀ ዓረፍተ ነገር ነው። ካሳ፣ ምትኩ፣ ማስረሻ ብለን ስንሰይም ስለ ልጁ ብቻ አንናገርም፤ በቤቱ የሆነውን እንመዘግባለን። እናቴ ዝጉን የውጭ ስም ወስዳ እንደ እነዚህ ስሞች አድርጋ ተጠቀመችበት። ማስረሻ የሚያስረሳ ነው፤ የእርሷ ሶስና የምታስታውስ ነበረች። ፍቺውን ከመዝገበ ቃላት አላገኘችውም፤ ከታሪኩ አገኘችው።

ስም ሲሻገር

ጉዳዩ የእኛ ቤት ብቻ አይደለም። በ1984 እና 1985 እ.ኤ.አ. በዘመቻ ሙሴ፣ በ1991 ደግሞ በዘመቻ ሰሎሞን ወደ እስራኤል ከተጓዙት ቤተ እስራኤላውያን ብዙ ልጆች እዚያ ሲደርሱ የዕብራይስጥ ስም ተሰጥቷቸዋል። በምሳሌ ልጠይቅ፦ ሶስና የምትባል ልጅ እዚያ ሾሻና ብትባል ስሟ ተለውጧል? የሥርወ ቃል ሊቅ «አልተለወጠም፤ ወደ ጥንት መልኩ ተመለሰ እንጂ» ሊል ይችላል። እናቷ ግን በደጅ ቆማ ስትጠራት ሌላ ስም ነው የምትጠራው። ሥሩ አንድ መሆኑ ለልጅቱ መጽናኛ ሊሆን ይችላል፤ የተወሰደባትን ግን አይተካም። የቋንቋ ሊቃውንት «ያው ነው» ከማለታችን በፊት የተጠሪዋን ጆሮ ልናስብ ይገባል።

በሌላ ወገን፣ ስም እንዳለ ሲሻገር የሚሆነውንም እናያለን። የቁሳቁስ ሳይንስ ሊቅ የሆኑት፣ በነዳጅ ሴል ምርምር የሚታወቁት ፕሮፌሰር ሶስና ኃይሌ ከአዲስ አበባ ወጥተው በአሜሪካ ሲያድጉና ሲሠሩ ሱዛን አልሆኑም። አባታቸው ታላቁ የግእዝ ሊቅ ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ ነበሩ። የግእዙ ድምፅ በእንግሊዝኛ የሳይንስ መጽሔቶች ላይ እንዳለ ሰፍሮ ይነበባል።

ማጠቃለያ

ለዚያች ተማሪዬ የምሰጠው መልስ እንግዲህ ይህን ይመስላል። ስምሽ በግብጽ የውሃ አበባ ነበር፤ በዕብራይስጥ የሜዳ አበባ ሆነ፤ ግሪክኛ ድምፁን አለሰለሰው፤ ግእዝ ተቀብሎ አበባውን ሳያውቅ ሴቲቱን ጠበቀልሽ። ኢትዮጵያ ውስጥ ስሙ ከአበባነት ይልቅ በሐሰት ያልተረታች ሴት ምስክር ሆኖ ኖረ። ከእነዚህ ሁሉ የቱ ያንቺ እንደሆነ ግን መጽሐፍም እኔም ልንነግርሽ አንችልም። እርሱን የሚያውቀው የሰየመሽ ሰው ነው፤ ሄደሽ ጠይቂው።

ለእናንተም ለሌሎቻችሁ የምሰጠው የቤት ሥራ ይኸው ነው። በየድረ ገጹ የተደረደሩት የስም ትርጉሞች አንድ ቃል ከአንድ ቃል ጋር ያጣምዳሉ፤ ያም ጅምር ነው። ሥርወ ቃሉን በጥንቃቄ መርምሩ፤ የድምፅ መመሳሰል አያታልላችሁ። ከዚያ ደግሞ ደብተራችሁን ይዛችሁ ወደ ቤታችሁ ሂዱና ሰያሚዎቻችሁ በሕይወት ሳሉ ለምን እንዲህ እንዳሏችሁ ጻፉ። መዝገበ ቃላቱ ከ10 ዓመት በኋላም በቤተ መጻሕፍት ይገኛል፤ እነርሱ ግን ላይገኙ ይችላሉ። እኔ የእናቴን ቃል በጊዜው በወረቀት ላይ ስላሰፈርሁ ዛሬ እርሷ በሌለችበት ልነግራችሁ ችያለሁ። የሁለቱን ምስክሮች ስም ግን ነግራኝ አታውቅም፤ እኔም አልጠየቅኋትም።

 አሁን ወደ ጥያቄዎቻችሁ እንለፍ።